ኢሺሮ ሆንዳና ከባሕር የወጣው አውሬ

(በሬዲዮ ከተሰጡት የታሪክ ንግግሮች የተወሰደ)

የሰው ልጅ የሚፈራውን ነገር በመልክ እየሣለና በስም እየጠራ መኖር የጀመረው ከጥንት ነው። ስምና መልክ የሌለው ፍርሃት እጅግ ይከብዳል፤ ስም ወጥቶለትና መልክ ተሰጥቶት በዐይን የታየ ፍርሃት ግን ሌላ ባይሆን እንኳ መነጋገሪያ ይሆናል። የአያቶቻችን ተረት በዘንዶና በጭራቅ የተሞላው በከንቱ አይደለም። ዛሬ ታሪኩን የምናወሳው ሰው በሃያኛው መቶ ዓመት፣ ያውም በአቶም ቦምብ ዘመን፣ ለአንድ ሕዝብ ፍርሃት መልክ የሰጠ ሰው ነው። ይህም ሰው ጃፓናዊው የፊልም ዲሬክተር ኢሺሮ ሆንዳ ነው።

የዚህን ሰው ስም የሚያውቁ ጥቂቶች ናቸው፤ ሥራውን የማያውቁም እንደዚሁ ጥቂቶች ናቸው። ከባሕር ወጥቶ ከተማ የሚያፈርሰውን፣ ከአፉ እሳት የሚተፋውን፣ ጃፓኖች «ጎጂራ» የቀረው ዓለም «ጎድዚላ» የሚለውን ታላቅ አውሬ ያልሰማ ማን አለ? ብዙ ሰው ግን ይህን አውሬ የልጆች ማስፈራሪያና የጨዋታ ዕቃ አድርጎ ያየዋል። አውሬው ከምን እንደ ተወለደ፣ የፈጠረውም ሰው በምን መንገድ አልፎ ለዚያ ሥራ እንደ በቃ የተረዳ ሰው ግን ነገሩ ጨዋታ አለመሆኑን ይገነዘባል። በዚህ ንግግር የሚጠሩት ወራትና ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድመን እናስታውቃለን።

ኢሺሮ ሆንዳ የተወለደው በሜይ 7 ቀን 1911 ዓ.ም. በሰሜናዊው የጃፓን ክፍል፣ ያማጋታ በሚባለው አውራጃ በሚገኝ የተራራ መንደር ነው። አባቱ ዩዶኖ በተባለው ተራራ ላይ ባለው የቡድሃ ቤተ መቅደስ ካህን ነበረ። ሆንዳ ከአምስት ልጆች መካከል የመጨረሻው ነው። ወታደራዊ ሐኪም የነበረው ታላቅ ወንድሙ የሳይንስ መጽሔቶችን እየላከለት፣ ሕፃኑ ሆንዳ በአንድ በኩል የካህናቱን ጸሎት እየሰማ በሌላ በኩል ስለ ከዋክብትና ስለ ተፈጥሮ ምሥጢር እያነበበ አደገ። ሃይማኖትና ሳይንስ በአንድ ቤት ውስጥ ተቃቅፈው ሲኖሩ ያየ ልጅ፣ በኋላ በሠራቸው ፊልሞች ሁሉ ሊቃውንትንና መንፈሳውያንን ጎን ለጎን ማቆሙ የሚያስደንቅ አይደለም።

የአሥር ዓመት ልጅ ያህል ሲሆን ቤተ ሰቡ ወደ ቶኪዮ ተዛወረ። በዚያ ዘመን ፊልም ድምፅ አልነበረውም፤ በጃፓን ሲኒማ ቤቶች «ቤንሺ» የሚባሉ ተራኪዎች ከመጋረጃው አጠገብ ቆመው የሚታየውን ነገር ለተመልካቹ በቃላቸው ያስረዱ ነበር። ሆንዳ በመጋረጃው ላይ በሚታየው ሥዕልና ሥዕሉን በሚያናግረው ሰው ተማረከ። በ1931 ዓ.ም. በኒሆን ዩኒቨርሲቲ ስለ ፊልም በሚያስተምረው ክፍል ገብቶ ተማረ። በ1933 ዓ.ም. ደግሞ ፒ.ሲ.ኤል. በሚባለው የፊልም ኩባንያ ተቀጠረ። ይህ ኩባንያ በ1937 ዓ.ም. ከሌሎች ጋር ተዋህዶ «ቶሆ» የተባለው ታላቁ የጃፓን የፊልም ድርጅት ሆነ።

ወጣቱ ሆንዳ ሥራውን ገና ከመጀመሩ የጦር ሠራዊት ጠራው። በ1935 ዓ.ም. መጀመሪያ በቶኪዮ በሚገኘው በአንደኛው የእግረኛ ክፍለ ጦር ውስጥ ተመደበ። የወታደርነት ግዴታውን በአጭር ጊዜ ፈጽሞ ወደ ካሜራው ለመመለስ ተስፋ አድርጎ ነበር። ይሁን እንጂ በፌብሩዋሪ 26 ቀን 1936 ዓ.ም. አንዳንድ ወጣት መኮንኖች መንግሥትን ለመገልበጥ ተነሥተው በቶኪዮ ታላላቅ ባለሥልጣኖችን ገደሉ። ከዚህ አመፅ መሪዎች አንዱ ቀድሞ የሆንዳ አዛዥ የነበረው መቶ አለቃ ኩሪሃራ ነበረ። ሆንዳ በአመፁ ውስጥ እጁን አላስገባም፤ ነገር ግን የክፍለ ጦሩ ስም በመጉደፉ ባልደረቦቹ ጭምር ወደ ማንቹርያ ተላኩ። ያልሠራውን ጥፋት ተሸክሞ ወደ ሩቅ አገር ሄደ ማለት ነው።

በ1937 ዓ.ም. ተመልሶ በቶሆ ኩባንያ ረዳት ዲሬክተር ሆኖ በካጂሮ ያማሞቶ ሥር መሥራት ጀመረ። ከዚሁ መምህር እግር ሥር ሌሎች ሁለት ወጣቶች ነበሩ፤ አንደኛው ሴንኪቺ ታኒጉቺ ሲሆን ሁለተኛው በኋላ ስሙ በዓለም የተሰማው አኪራ ኩሮሳዋ ነው። ሦስቱም እንደ ወንድማማች ሆነው ኖሩ። ኩሮሳዋ ስለ ወጣትነቱ ዘመን በጻፈው መጽሐፍ ውስጥ ስለ ሆንዳ የሚያጫውተን ነገር አለ፤ ሆንዳ ለፊልም በሚሠሩት ሐሰተኛ የእንጨት ምሰሶዎች ላይ የእንጨቱን ደም ሥር በብሩሽ ይሥል ስለ ነበረ ጓደኞቹ «የእንጨት ደም ሥር ጠባቂ» የሚል የማዕረግ ስም በቀልድ አወጡለት። ይህን እንዲያደርግ ያዘዘው አልነበረም፤ አናጢዎቹ ሥራ ሲበዛባቸው እያየ ዝም ብሎ መቀመጥ ስላልሆነለት ነው። በዚህች ትንሽ ነገር የሰውየው ጠባይ ይታወቃል።

በ1939 ዓ.ም. በዚያው ኩባንያ ትሠራ የነበረችውን ኪሚን አገባ። በዚያው ዓመት መጨረሻ የመጀመሪያ ልጁ ስትወለድ ጦሩ ዳግመኛ ጠራውና ወደ ቻይና ሄደ። ከተመለሰ በኋላ በ1944 ዓ.ም. ለሦስተኛ ጊዜ ተጠራ። እንዲህ እያለ ከስድስት ዓመት የማያንስ ዕድሜውን ለወታደርነት ገበረ። ጓደኛው ኩሮሳዋ ግን ለወታደርነት ስላልተፈለገ በ1943 ዓ.ም. የመጀመሪያ ፊልሙን ሠርቶ ስሙን አስጠራ። ሆንዳ የጓደኛውን ስኬት የሚሰማው ከጦር ሜዳ ነበር። በእኩያው የሚቀና ሰው ቢሆን ኖሮ ለመቅናት በቂ ምክንያት ነበረው፤ ሆኖም በሁለቱ መካከል ቂም መግባቱን የሚያስረዳ ነገር አናገኝም።

በቻይና የጦር ሜዳ ሳለ አንድ የሞርታር ጥይት ከፊቱ ወድቆ ሳይፈነዳ ቀረ። ሆንዳ ውጊያው ጸጥ ካለ በኋላ ተመልሶ ያን ብረት ፈልጎ አገኘው፤ ወደ አገሩም ይዞት ገባ። እስከ ዕለተ ሞቱ ድረስ በጽሕፈት ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦት ይኖር ነበር። ሌላው ሰው የድል ሽልማቱን በሚሰቅልበት ቦታ እርሱ የሞቱን ምልክት አኖረ።

ይህ ሰው በጦርነቱ ውስጥ ያየው ነገር ሁሉ የሚያስመካ አልነበረም። የጃፓን ሠራዊት በቻይና ሕዝብ ላይ ያደረሰው ግፍ በታሪክ የተመዘገበ ነው። ሆንዳም ራሱ በአንድ ወቅት፣ ሠራዊቱ ለወታደሮቹ ሴቶችን ሰብስቦ ያኖርባቸው ከነበሩት ቤቶች አንዱን እንዲቆጣጠር ተመድቦ ነበር። በ1966 ዓ.ም. ስለዚሁ ጉዳይ በአንድ የፊልም መጽሔት ላይ ጽሑፍ አውጥቷል። ብዙዎች የጦር ጓዶቹ ዝም ባሉበት ጊዜ ይህን በአደባባይ መጻፉ ከነውሩ ባያነጻው እንኳ ነውሩን ለመሸፈን አለመፈለጉን ያስረዳል። ታሪክ ጸሐፊም ይህን ሳይጠቅስ ማለፍ አይገባውም፤ የምናመሰግነውን ሰው ሙሉ ሰው አድርገን ማየት አለብንና።

ጦርነቱ በ1945 ዓ.ም. ሲያበቃ ሆንዳ በቻይና ተማርኮ ጥቂት ወራት ቆየ። በማርች ወር 1946 ዓ.ም. ተለቆ ወደ ቤቱ ሲመለስ የተሳፈረበት ባቡር በሂሮሺማ በኩል አለፈ። በኦገስት 6 ቀን 1945 ዓ.ም. አንዲት ቦምብ ያቃጠለቻትን ያችን ከተማ በዐይኑ አየ። ወታደር ስለ ነበረ ፍርስራሽ ለእርሱ እንግዳ ነገር አይደለም፤ ነገር ግን በጦርነት የሚፈርስ ከተማ ቤት በቤት፣ መንገድ በመንገድ ሲፈርስ አይቷል እንጂ በአንድ ቅጽበት ከምድረ ገጽ ሲጠፋ አላየም ነበር። ይህ ሥዕል ከልቡ ሳይወጣ ስምንት ዓመት ቆየ።

ከጦር ሜዳ የተመለሰው ሆንዳ ሠላሳ አምስት ዓመት ሊሞላው ጥቂት የቀረው፣ ሁለት ልጆች ያሉት፣ ነገር ግን አንድም የራሱ ፊልም የሌለው ሰው ነበር። ተስፋ ሳይቆርጥ እንደገና ከታች ጀመረ። በ1949 ዓ.ም. ኩሮሳዋ «የባዘነ ውሻ» የሚባለውን ፊልም ሲሠራ ሆንዳ ዋና ረዳቱ ነበረ። ካሜራ በሳጥን ውስጥ ሸሽጎ፣ የተዋናዩን የቶሺሮ ሚፉኔን ልብስ የመሰለ ልብስ ለብሶ፣ በኡዌኖና በአሳኩሳ የጥቁር ገበያ መንደሮች እየዞረ በጦርነት የደቀቀውን የቶኪዮን ሕዝብ ኑሮ ቀረጸ። ኩሮሳዋ ያ ፊልም ከጦርነቱ በኋላ የነበረውን የጃፓንን መልክ በሚገባ አሳይቷል ተብሎ መመስገኑ በአብዛኛው የሆንዳ ሥራ ነው ሲል መስክሮለታል።

በዚያው ዓመት ሆንዳ ስለ ኢሴ ሺማ የባሕር ዳርቻ አጭር ዘጋቢ ፊልም ሠራ፤ በዚህም ካሜራን በውኃ የማይበገር ሣጥን ውስጥ አድርጎ ከባሕር በታች ያለውን ቀረጸ። በ1951 ዓ.ም. የዚያኑ አገር ሴቶች፣ ትንፋሻቸውን ይዘው ወደ ባሕር እየጠለቁ ዕንቍ የሚለቅሙትን፣ ታሪክ በመያዝ «ሰማያዊው ዕንቍ» የተባለውን የመጀመሪያ ትልቅ ፊልሙን አወጣ። ዕድሜው አርባ ዓመት ነበር። «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» የሚለው የአገራችን ተረት ለእንደዚህ ያለው ሰው የተነገረ ይመስላል።

በ1953 ዓ.ም. ስለ አድሚራል ያማሞቶ ታሪክ «የፓስፊክ ንስር» የሚባለውን ፊልም ሲያዘጋጅ ኤይጂ ጹቡራያ ከሚባል ባለሙያ ጋር ተጣመረ። ጹቡራያ በትንንሽ ሞዴሎችና በካሜራ ብልኀት መርከብ እንደ ሰጠመ፣ ከተማ እንደ ተቃጠለ አስመስሎ ማሳየት የሚችል የዚህ ጥበብ አባት ነው። ከአንድ ዓመት በኋላ እነዚህን ሁለት ሰዎች ያስተሳሰረ ታላቅ ነገር ደረሰ።

በማርች 1 ቀን 1954 ዓ.ም. የአሜሪካ መንግሥት በፓስፊክ ውቅያኖስ መካከል ባለው በቢኪኒ ደሴት ላይ የሃይድሮጂን ቦምብ ሞከረ። የቦምቡ ኃይል በሂሮሺማ ላይ ከወደቀው አንድ ሺህ ጊዜ ያህል ይበልጥ ነበር። «ዳይጎ ፉኩርዩ ማሩ» የምትባል አንዲት የጃፓን ዓሣ አጥማጅ ጀልባ ከአደጋው ክልል ውጪ መስሏት በሩቅ ስታጠምድ ሳለች ነጭ አመድ እንደ በረዶ ዘነበባት። በውስጧ የነበሩት 23 ሰዎች ሁሉ በጨረር ተመርዘው ተመለሱ። የጃፓን ሕዝብ ዋና ምግቡ የሆነውን ዓሣ ለመግዛት እስኪፈራ ድረስ ድንጋጤ ገባው። የጀልባዋ የሬዲዮ ሠራተኛ አይኪቺ ኩቦያማ በሴፕቴምበር 23 ቀን ሞተ። ሂሮሺማና ናጋሳኪ ገና ሳይረሱ ጃፓን ለሦስተኛ ጊዜ በዚህ መሣሪያ ሰው ሞተባት።

በዚያው ጊዜ የቶሆ ኩባንያ ፕሮዲውሰር ቶሞዩኪ ታናካ ከኢንዶኔዢያ ጋር በኅብረት ሊሠራ ያሰበው ፊልም ስለ ፈረሰበት በምትኩ ሌላ ሥራ ይፈልግ ነበር። ታናካም በባሕር ውስጥ ተኝቶ የኖረ የጥንት አውሬ በሃይድሮጂን ቦምብ ነቅቶ ጃፓንን ቢወርር ምን ይሆናል የሚል ሐሳብ አመጣ። ታሪኩን ሺገሩ ካያማ ጻፈው፤ ሆንዳም ከታኬዎ ሙራታ ጋር ሆኖ ለፊልም እንዲሆን አዘጋጀው። የአውሬው ስም «ጎሪላ» ከሚለው ቃልና በጃፓንኛ ዓሣ ነባሪን ከሚያመለክተው «ኩጂራ» ከሚለው ቃል ተዳቅሎ «ጎጂራ» ተባለ።

ሐሳቡን የሰማ ሁሉ ሳቀ። ሆንዳ ግን አልሳቀም። ለሥራው የተመደቡትን ሰዎች ታሪኩን እንዲያነቡ ካደረገ በኋላ በነገሩ የማያምን ካለ አሁኑኑ ይልቀቅ ሲል እንደ ነገራቸው ይተረካል። እርሱ ፊልሙን የሚያነሣው የጭራቅ ተረት እንደሚነገር አድርጎ ሳይሆን ጦርነትን እንደሚዘግብ አድርጎ ነው። ባቡር የሚገለብጠው፣ ቤት የሚረግጠው አውሬ ለሌላው የጎማ አሻንጉሊት ሊመስለው ይችላል፤ ለሆንዳ ግን እግር አውጥቶ የሚሄድ ቦምብ ነበረ።

የአሠራሩም ዘዴ ሊነገር የሚገባው ነው። ጹቡራያ በ1933 ዓ.ም. የወጣውን «ኪንግ ኮንግ» የሚባለውን የአሜሪካ ፊልም እጅግ ያደንቅ ነበር። በዚያ ፊልም ውስጥ ትንሽ አሻንጉሊት በጥቂት በጥቂቱ እያንቀሳቀሱና አንድ በአንድ ፎቶግራፍ እያነሡ ሕይወት ያለው አስመስለውታል። ይህ ግን ብዙ ጊዜ ይፈጃል፤ ቶሆ ደግሞ ፊልሙ በዚያው ዓመት እንዲወጣ ቸኩሏል። ስለዚህ ጹቡራያ ሰውን የአውሬ ቆዳ አልብሶ በትንሽዬ ቶኪዮ ውስጥ አስኬደው። የመጀመሪያው ቆዳ 100 ኪሎ ያህል ይመዝን ስለ ነበር በውስጡ የገባው ተዋናይ ሃሩኦ ናካጂማ በመብራቱ ሙቀት ላብ እየዘነበበት ከጥቂት ደቂቃ በላይ መቆም አይችልም ነበር። ካሜራው በፍጥነት እንዲቀርጽ ይደረግና ፊልሙ በተለመደው ፍጥነት ሲታይ እንቅስቃሴው ይዘገያል፤ በዚህም ምክንያት ያ ሰው 50 ሜትር ቁመት ያለው ከባድ ፍጡር መስሎ ይታያል። የአውሬውን ጩኸት ደግሞ የሙዚቃው ደራሲ አኪራ ኢፉኩቤ በሙጫ የተቀባ የቆዳ ጓንት በኮንትራባስ አውታር ላይ እየሳበ ፈጠረው። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» እንደሚባለው፣ የጸሐፊው፣ የባለ ሞዴሉ፣ የሙዚቀኛውና የተዋናዩ ጥረት ተባብሮ ያን አውሬ ወለደው።

ክቡራን አድማጮች፤ የፊልሙ ፍሬ ነገር ግን በአውሬው ላይ አይደለም። ሆንዳ ካሜራውን ደጋግሞ የሚመልሰው በአውሬው እግር ሥር ወዳሉት ሰዎች ነው። በሚቃጠለው ከተማ ውስጥ አንዲት እናት ልጆቿን አቅፋ አሁን ወደ አባታችሁ እንሄዳለን እያለች ስታጽናናቸው ይታያል። በማግስቱ ሆስፒታሉ በቁስለኛ ሞልቶ፣ የጨረር መለኪያ መሣሪያ ወደ አንድ ሕፃን ሲቀርብ ሲጮኽና ሐኪሙ ራሱን ሲነቀንቅ ይታያል። ይህ ሁሉ በ1945 ዓ.ም. የተፈጸመ ነገር ነበረ እንጂ ልብ ወለድ አይደለም፤ በሲኒማ ቤቱ የተቀመጠውም ተመልካች ይህን ያውቃል።

በመጨረሻው ክፍል የሚነሣው ጥያቄ ከሁሉ ይልቅ ይከብዳል። ሴሪዛዋ የሚባል፣ በጦርነቱ አንድ ዐይኑን ያጣ ወጣት ሊቅ አለ። ይህ ሰው በውኃ ውስጥ ያለውን ኦክሲጅን አጥፍቶ ሕይወት ያለውን ነገር ሁሉ የሚገድል መሣሪያ በአጋጣሚ አግኝቷል። አውሬውን ሊገድል የሚችል ሌላ ነገር የለም። ነገር ግን መሣሪያው አንድ ጊዜ ከታየ የዓለም መንግሥታት እንደ ቦምቡ ሁሉ ይህንንም እንዲሠራላቸው ያስገድዱታል። ስለዚህ ጽሑፉን ሁሉ አቃጠለ፤ ምሥጢሩ በጭንቅላቱ ውስጥ ስለ ቀረም መሣሪያውን ይዞ ወደ ባሕር ወረደና ከአውሬው ጋር አብሮ ሞተ። ሽማግሌው ሊቅ ያማኔ ግን በድሉ አልተደሰተም፤ የቦምቡ ሙከራ ከቀጠለ ሌላ ጎጂራ ይመጣል ብሎ ፈራ። ዕውቀት ያለው ሰው ለዕውቀቱ ውጤት ተጠያቂ ነውን? ሆንዳ ይህን ጥያቄ ያነሣው ታላላቆቹ የዓለም ሊቃውንት ራሳቸው በዚሁ ጥያቄ ይጨነቁ በነበረበት ጊዜ ነው።

ፊልሙ በኖቬምበር 3 ቀን 1954 ዓ.ም. ሲወጣ ከዘጠኝ ሚሊዮን በላይ ጃፓናውያን ተመለከቱት። አንዳንድ ተቺዎች ግን በሕዝብ መከራ ነገደ ሲሉ ነቀፉት። ይህ ነቀፌታ ሆንዳን አሳዝኖታል። በዚያው ዓመት በዚያው ኩባንያ የኩሮሳዋ «ሰባቱ ሳሙራይ» ወጥቶ ነበር፤ በዚያኛው ፊልም የሳሙራዮቹን አለቃ ሆኖ የሠራው ታካሺ ሺሙራ በ«ጎጂራ» ውስጥ ሽማግሌውን ሊቅ ሆኖ ሠርቷል። ሁለቱ ጓደኞች በአንድ ዓመት ሁለት ታላላቅ ሥራዎች አወጡ፤ አንደኛው ወዲያው የጥበብ ሥራ ተባለ፣ ሁለተኛው ግን ይህን ስም ለማግኘት ብዙ ዓመታት ጠበቀ።

በ1956 ዓ.ም. አሜሪካውያን ፊልሙን ገዝተው ቆራረጡት፤ ሬይመንድ በር የሚባለውን ተዋናይ ጋዜጠኛ አድርገው በመካከሉ ጨመሩበት። በዚህ ጊዜ ስለ ቦምቡ የተነገረው ነገር አብዛኛው ወጣ። ብዙው ዓለም ያወቀው ይህን የተቆረጠውን ፊልም ነው። ትክክለኛው የጃፓን ፊልም በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች በሰፊው የታየው ግን ከሃምሳ ዓመት በኋላ በ2004 ዓ.ም. ነበር። ምስክር ሆኖ የቆመ ሰው ቃሉ በአስተርጓሚው አፍ ተቆርጦ ቢነገርለት ምን ያህል ያዝን!

ከዚያ በኋላ ሆንዳ የዚህ ዓይነቱ ፊልም ጌታ ሆኖ ብዙ ሥራ ሠራ። በ1956 ዓ.ም. «ሮዳን» የተባለውን በቀለም፣ በ1957 ዓ.ም. ከሌላ ዓለም ስለ መጡ ወራሪዎች የሚናገረውን «ሚስቴሪያኖች»፣ በ1961 ዓ.ም. «ሞስራ»ን አወጣ። «ሞስራ» አንድ ስግብግብ ነጋዴ ከደሴታቸው ሰርቆ ለትርዒት ስላቀረባቸው ሁለት ትንንሽ ልጃገረዶችና እነርሱን ፍለጋ ስለ መጣችው ታላቅ የእሳት ራት ይናገራል። በ1962 ዓ.ም. በወጣው «ጎራስ» ደግሞ ወደ ምድር የሚወረወር ኮከብ ለማምለጥ የዓለም መንግሥታት ጠባቸውን ትተው በደቡብ ዋልታ ኃይለኛ ሮኬቶች በመትከል ምድርን ከመንገዷ ሲያንቀሳቅሱ ይታያል። ሁለቱ ታላላቅ ኃይሎች ቦምብ እያወዳደሩ በነበረበት በዚያ ዘመን ሆንዳ ሊቃውንቱን በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ያስቀምጣቸው ነበር። ሐሳቡ የዋህ ነው የሚል ሊኖር ይችላል፤ ሰባት ዓመት ያህል ጠመንጃ የተሸከመ ሰው ያመነበት የዋህነት ግን የሚናቅ አይደለም።

በዚያው በ1962 ዓ.ም. የወጣው «ኪንግ ኮንግና ጎጂራ» በጃፓን ከ11 ሚሊዮን በላይ ተመልካች አገኘ። በዚህ ፊልም ሆንዳ ለማስታወቂያ ሲሉ አውሬ የሚያመጡትን ነጋዴዎች አሾፈባቸው። ይሁን እንጂ ገበያው የራሱን መንገድ ይዞ ነበር። ኩባንያው አውሬው ልጆችን እንዲያስቅ ፈለገ። ሂሮሺማን ያስታውስ የነበረው ጎጂራ እየቆየ የልጆች ወዳጅና የጃፓን ጠባቂ ሆነ። ሆንዳ በዚህ ለውጥ ደስ አላለውም፤ ነገር ግን ለኩባንያው ታማኝ ሠራተኛ ነበረና የታዘዘውን ሠራ። እዚህ ላይ ሰው ሁለት ዓይነት ፍርድ ሊሰጥ ይችላል። አንደኛው፣ ሆንዳ እንደ ኩሮሳዋ እምቢ ማለት ነበረበት የሚል ነው። ሁለተኛው፣ ለታናሽ ሥራ እንኳ ሙሉ ልቡን መስጠት የእርሱ ክብር ነው የሚል ነው። በሐሰተኛው ምሰሶ ላይ የእንጨት ደም ሥር ይሥል የነበረውን ወጣት የሚያስታውስ ሰው ሁለተኛውን ፍርድ አይንቀውም።

ወራቱ ግን እየከፋ ሄደ። ቴሌቪዥን በየቤቱ በመግባቱ፣ በ1958 ዓ.ም. ከ1 ቢሊዮን 100 ሚሊዮን በላይ የነበረው የጃፓን ሲኒማ ቤቶች የዓመት ተመልካች ቍጥር በ1970 ዓ.ም. ወደ 250 ሚሊዮን ያህል ወረደ። በዚያው ዓመት በጃንዋሪ ወር ጹቡራያ ሞተ። ሆንዳ ለጥቂት ጊዜ ለቴሌቪዥን ሠርቶ፣ በ1975 ዓ.ም. የመጨረሻውን የጎጂራ ፊልሙን አወጣ። ይህ ፊልም ያገኘው ተመልካች አንድ ሚሊዮን አልሞላም። ከዚህ በኋላ የስድሳ አራት ዓመቱ ሆንዳ ከዲሬክተርነት ሥራ ተሰናበተ። ታሪኩ በዚህ ቢያልቅ ኖሮ ያሳዝን ነበር።

ነገር ግን አላለቀም። ኩሮሳዋም በበኩሉ በአገሩ ሥራ አጥቶ ብዙ መከራ አይቶ ነበር። በ1970ዎቹ መጨረሻ ሁለቱ ሽማግሌዎች እንደገና ተገናኙ፤ ኩሮሳዋ «ካጌሙሻ» የሚባለውን ፊልም ሲጀምር ሆንዳን በረዳትነት ጠራው። ከአርባ በላይ ፊልም የሠራ ዲሬክተር በሌላ ዲሬክተር ሥር ረዳት መሆን ሊያሳፍረው ይችል ነበር፤ ሆንዳ ግን በደስታ መጣ። «ካጌሙሻ» በ1980 ዓ.ም. በካን የፊልም ውድድር ታላቁን ሽልማት ከሌላ ፊልም ጋር ተካፈለ። ከዚያም በ1985 ዓ.ም. «ራን»፣ በ1990 ዓ.ም. «ሕልሞች»፣ በ1991 ዓ.ም. «የኦገስት ራፕሶዲ» ተከተሉ። በ«ሕልሞች» ውስጥ ከጦርነት ብቻውን የተረፈ አንድ የጦር አዛዥ በጨለማ ዋሻ አፍ ላይ ቆሞ የሞቱ ወታደሮቹ በሰልፍ ሲመጡበት የሚታይበት ክፍል አለ። በአካባቢው ከነበሩት ሰዎች ሁሉ የወታደርን ሰልፍ ከሆንዳ ይበልጥ የሚያውቅ አልነበረም። «የኦገስት ራፕሶዲ» ደግሞ ስለ ናጋሳኪ ነው። በዚህ ዓይነት ሁለቱ ወዳጆች በእርጅናቸው ወደ አንድ ቁስል ተመለሱ።

አብረው የሠሩት የመጨረሻው ፊልም «ማዳዳዮ» ይባላል፤ ስለ አንድ ሽማግሌ መምህርና ስለሚወዱት ተማሪዎቹ ይናገራል። ፊልሙ ለሕዝብ የቀረበው በኤፕሪል ወር 1993 ዓ.ም. ነው። ሆንዳ ግን በፌብሩዋሪ 28 ቀን፣ በ81 ዓመቱ ዐርፎ ነበር። በመቃብሩ ድንጋይ ላይ የተቀረጸውን የመታሰቢያ ቃል የጻፈለት ኩሮሳዋ ነው። ከአምስት ዓመት በኋላ እርሱም ተከተለው።

ዛሬ ስሙ ከሞተ በኋላ ከፍ ብሏል። በ2013 ዓ.ም. የወጣው «ፓሲፊክ ሪም» የሚባለው የአሜሪካ ፊልም በመጨረሻው ላይ ለሆንዳ መታሰቢያ ተሰጥቷል። በ2024 ዓ.ም. ደግሞ በጃፓን የተሠራ ሌላ የጎጂራ ፊልም በልዩ የካሜራ ጥበቡ የኦስካር ሽልማት አግኝቷል፤ ይህም ፊልም አውሬውን ከጦርነቱ በኋላ ወደ ነበረችው የፈረሰች ጃፓን፣ ማለት ሆንዳ ወደ ጀመረበት ቦታ፣ መልሶታል።

ክቡራን አድማጮች፤ ከዚህ ሰው ሕይወት የምንማረው ምንድን ነው? አንደኛው፣ ዘግይቶ መጀመር ከመድረስ አያግድም። ሁለተኛው፣ የወዳጅን ከፍታ ያለ ቅናት ማየት የሚችል ሰው በእርጅናው ብቻውን አይቀርም። ሦስተኛውና ዋናው ግን ይህ ነው፤ ሰው መከራን ካየ በኋላ ሊረሳው ወይም ሊያሳየው ይችላል። ሆንዳ ያልፈነዳውን ጥይት በጠረጴዛው ላይ አኖረ፣ የፈነዳውን ደግሞ አውሬ አድርጎ ለዓለም አሳየ። ሕፃናት በአውሬው ይጫወቱ ይሆናል፤ ዓለም ያን መሣሪያ በጎተራው እስካከማቸ ድረስ ግን አውሬው በባሕር ውስጥ ተኝቷል እንጂ አልሞተም።